ከቪዲዮሽ የተቆረጠው

ማክሰኞ፣ ከምሳ በኋላ
አባትሽ መነጽሩን ሊያሠራ ወጥቶ ሳይመለስ

ለምወድሽ ልጄ፣ ለሆዴ፤

እንዴት ሰነበትሽ ብዬ ልጀምር አልኩና እጄ እምቢ አለኝ። ስንት ጊዜ እንዴት ነሽ ብዬሽ ስንት ጊዜ ደህና ነኝ የሚል መልስ መጣልኝ፤ ዛሬ ግን አንዱንም አላምነውም። ስለዚህ ሰላምታውን ለጊዜው አቆየዋለሁ። እኔ እንዳለሁ አለሁ።

ስልኬን ከአባትሽ ካስመለስኩ፣ ከሐሙስ ጀምሮ ስደውልልሽ አታነሺም። «አንሺልኝ» ብዬ መልእክት እልካለሁ፤ ማየትሽን ምልክቱ ይነግረኛል፣ መልስ ግን የለም። አልፈርድብሽም። ለምን እንዳኮረፍሽኝ አሁን አውቄዋለሁ፤ ከዚህ በፊት ግን አላውቅም ነበር። ይህን ካላስረዳሁሽ እናትና ልጅ ሆነን የምንቀር አይመስለኝም።

በዚህ ዘመን ደብዳቤ ምንድነው ትዪ ይሆናል። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባል የለ? ሞኝነቱን ስጨርስ ወረቀቱን ያዝኩ። ቪዲዮ ይቆረጣል፣ ድምፅ ይቆረጣል፤ ወረቀት ግን ከመሃሉ ቢቀደድ ቀዳዳው ይታያል። ገጾቹ ላይ ቁጥር ጽፌባቸዋለሁ፤ የጎደለ ካለ እወቂው። ፖስታ ቤትም የምወስደው ራሴ ነኝ። አባትሽ «ስጪኝ ላድርስልሽ» ማለቱ አይቀርም፤ አልሰጠውም። ጥላ ጥላውን ይዤ፣ አረፍ እያልኩ እደርሳለሁ።

አባትሽ ሰሞኑን ደግ ሆኗል። መጀመሪያ ያስጠረጠረኝም ይሄው ነው። ዕድሜ ልኩን ሒሳብ ያስተማረ፣ ግን አንድ ብርጭቆ ከጠረጴዛ ወደ ማጠቢያ ለመውሰድ መንገዱ የሚጠፋበት ሰው፣ ከሆስፒታል ከወጣሁ ወዲህ ብርቱካን እየላጠ፣ ነጩን ክር ሳይቀር እየለቀመ ያቀርብልኛል። ስተኛ አጠገቤ ነው፣ ስነቃ አጠገቤ ነው። ስልኬን «ሐኪሙ ዕረፍት ብሏል» ብሎ መሳቢያ ውስጥ ቆለፈበት። ቁልፉን ስጠይቀው የሱሪውን ኪስ ገልብጦ ያሳየኛል፣ ከረሜላ እንደደበቀ ልጅ። መጀመሪያ ፍቅር ነው ብዬ ተቀበልኩት። ፍቅርም ነው። ግን ፍቅር ብቻ ቢሆን ሰው አያፏጭም። እሱ ደግሞ ወደ መኝታ ክፍሌ ከመግባቱ በፊት ኮሪደሩ ላይ ማፏጨት አምጥቷል። በር ላይ ቆሞ የሚያፏጭ ሰው ፊቱን እያስተካከለ ነው።

እናትሽ በተፈጥሮዋ ተጠራጣሪ አልነበረችም፤ ሥራዋ ነው እንዲህ ያደረጋት። ኤዲተር ሆኜ ስጀምር ፊልም በእጅ የሚዳሰስ ነገር ነበር። ነጭ የጥጥ ጓንት አጥልቀን፣ ቁርጥራጩን እንደታጠበ ካልሲ ገመድ ላይ አንጠልጥለን፣ በምላጭ እየቆረጥን በፕላስተር እናጣብቅ ነበር። ያስተማረኝ ሽማግሌ ጠዋት ጠዋት መዳፌን እያገላበጠ ያይ ነበር፣ ላብ እንዳይኖረው። ቁራጭ ከቁራጭ የሚገናኝበትን ስፌት ይለዋል፤ የሚላት አንድ ነገር ነበረች፦ «ስፌቱ የታየበት ኤዲተር ሌባ ነው፤ ስፌቱ ያልታየበትም ሌባ ነው፤ ልዩነቱ የመጀመሪያው መያዙ ነው።» ጎረቤቶቻችን ሥራሽ ምንድነው ሲሉኝ፣ ሥራዬ ሥራዬን መደበቅ ነው እላቸው ነበር። ሰላይ መሰልኳቸው መሰለኝ፣ እኔ ስደርስ ወሬ የሚያቋርጡበት ዘመን ነበር።

ያ አገር ምድሩ ያለቀሰበት ፊልም ትዝ ይልሻል? እናትየዋ የልጇን የሬሳ ሣጥን ስታይ የምትታይበት? ተዋናይቷ ቀኑን ሙሉ ቢጠብቋት እንባ እምቢ አላት። እኔ ደግሞ ከፊልሙ ጥቅል መጨረሻ ላይ፣ ምሳ ዘግይቶባት በር በሩን ስታይ ሳታውቅ የተቀረጸች ፊት አገኘሁ። ያችን ፊት ከሣጥኑ ቀጥሎ አስገባኋት። አዳራሹ በእንባ ታጠበ፤ ሴትዮዋም ተሸለመችበት። ሕዝቡ ያለቀሰው ለምሳዋ ነው። ከዚያ ወዲህ ፊት ሳይ አላምንም፤ መጀመሪያ ይሄ ፊት ከየት መጣ ብዬ ነው የምጠይቀው። ሥራ ሲጠፋ ደግሞ የሠርግ ቪዲዮ ሠርቻለሁ። የሠርግ ቪዲዮ ማለት የአማቶችን ኩርፊያ መልቀም ማለት ነው። ስንቱን ትዳር በፕላስተር እንዳጣበቅሁት እኔ ነኝ የማውቀው።

እና እሑድ እሑድ ከቁርስ በኋላ ያንቺን ቪዲዮ እናያለን። አንቺ ለአባትሽ ትልኪለታለሽ፣ እሱ ሳሎን ትልቁ ቴሌቪዥን ላይ ያደርገዋል፣ ትራስ ከጀርባዬ ይከትታል፣ መጋረጃ ይዘጋል። ትመጫለሽ። «እማዬ፣ ደህና ነን፣ ሥራም ጥሩ ነው፣ ብርዱ ጠንቷል» ትያለሽ፤ ትስቂያለሽ፤ ታልቂያለሽ። በመጀመሪያው ሰሞን እያለቀስኩ ስለማይሽ ምንም አልታየኝም። እንባዬ ሲደርቅ ዓይኔ ተከፈተ።

«ደህና ነን» ስትዪ ፀጉርሽ ከጆሮሽ ኋላ ነው። ስትስቂ ጆሮሽ ላይ ወርዷል። በመሃሉ እጅሽ አልተነሳም፣ ራስሽን አልነቀነቅሽም። ሳቁ የዚያ ንግግር ሳቅ አይደለም፣ ከሌላ ቦታ የመጣ ነው። «እስቲ መልስልኝ» አልኩት አባትሽን። መለሰልኝ። «ድገመው» አልኩት። «ልጅሽ ናፍቃሽ ነው» አለ። እኔም አዎ አልኩ። የማየው ግን አንቺን ሳይሆን ስፌቱን ነበር።

መጀመሪያ የጠረጠርኩት ባልሽን ነው። የሠርጋችሁን ቪዲዮ ራሴ ነኝ ኤዲት ያደረግሁት፤ ካሜራው ወደ ሌላ ሲዞር የዚያ ሰው ሳቅ እንደ አምፖል ድርግም ሲል አይቻለሁ። ድሮ በየቪዲዮሽ ከኋላሽ ብቅ እያለ እጁን ያውለበልብልኝ ነበር፤ አሁን ጠፋ። «ሥራ ላይ ነው» ትያለሽ። ከዚያች ቃል በኋላ ደግሞ ስፌት አለ። ጭንቅላቴ ነገር ሲበላሽበት ፊልም መሥራት ይወዳል። ከካሜራው ኋላ ቆሞ ይህን በይ፣ ያን አትበይ ሲልሽ ታየኝ። ስልክሽን ከእጅሽ ተቀብሎ ያልወደደውን ቆርጦ ሲጥል ታየኝ። ለአባትሽ ይህን ብነግረው «አንቺ ደግሞ ሰው አታምኚም» አለኝ፣ ዓይኑን ከብርቱካኑ ሳያነሳ።

ቀጥሎ ምስሉ ራሱ ሻከረብኝ። ድሮ እስከ ወገብሽ ትታዪ ነበር፤ መስኮቱም፣ የአበባ ማሰሮውም፣ የወንበሩ ክንድም ይታያል። አሁን ከአንገትሽ በላይ ብቻ። ሰው ወደ ካሜራው ሲቀርብ ፊቱ ይጠራል፤ ያንቺ ግን ደብዝዟል፣ እንደተለጠጠ ሹራብ ሳስቷል። አንቺ አይደለሽም የቀረብሽው፤ ከተቀረጽሽ በኋላ ነው የጎተቱሽ። ታዲያ ከአንገቷ በታች ምን አለ? የተመታ ክንድ ነው? ፋሻ ነው? የከሳ ሰውነት ነው? አባትሽን ስጠይቀው «ስልኳ አርጅቶ ነው» አለ። ስልክ ሲያረጅ የሰው ግማሽ ይጠፋል እንዴ፣ አልኩ በሆዴ።

ከዚያ ያ የስልክ ጥሪ መጣ። አባትሽ ስልኩን ድምፁን ከፍቶ ጉልበቱ ላይ ይዞት፣ ጣቱ ከመዝጊያው ሳይርቅ፣ ረጅም ወሬ ክልክል ነው እያለ። አንቺም «እማዬ፣ ያለፈውን ቪዲዮ አየሽው?» አልሽኝ። እኔም «አየሁት እንጂ፣ ደስ ብሎኛል፣ መጋረጃው አምሮበታል» አልኩሽ። ዝም አልሽ። መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ ሃሎ ሃሎ አልኩ። «እሺ እማዬ፣ ደስ ካለሽ ጥሩ ነው» ብለሽ ዘጋሽው። ያን ዝምታሽን እያመነዠክሁ ከረምኩ። ልጄ ተቀይማኛለች፤ በምን እንደሆነ ግን እኔ ብቻ ነኝ የማላውቀው። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ሲሉ እውነታቸውን ነው።

የያዝኳቸው ግን በዓይኔ አይደለም፣ በጆሮዬ ነው። በፊልም ሥራ የክፍል ዝምታ የምንለው ነገር አለ። አንድ ቦታ ቀረጻው ሲያልቅ ሰው ሁሉ ባለበት ይቆምና የድምፅ ባለሙያው ባዶውን ክፍል ይቀርጻል። ምንም ያልተነገረበት ክፍል የራሱ ድምፅ አለው፤ የማቀዝቀዣው አለ፣ የመንገዱ አለ፣ የግድግዳው ሳይቀር አለ። ንግግር ቆርጠን ስናወጣ ጉድጓድ ይቀራል፣ ጉድጓዱን በዚያ ዝምታ እንሞላዋለን። ካልሞላነው ተመልካቹ ምን እንደሆነ ሳያውቅ ይደነግጣል።

ሐሙስ ዕለት አባትሽ ሶፋው ላይ ጋዜጣ ፊቱን ሸፍኖት አንቀላፋ። የሥራ ማዳመጫዬን ከቁም ሣጥን አውጥቼ ቴሌቪዥኑ ላይ ሰካሁት። «ሥራ ላይ ነው» ካልሽ በኋላ ያለችው ክፍተት ላይ ደረስኩ። ከትንፋሽሽ ሥር አንድ ነገር ይሰማል፤ ቅርት… ቅርት… ቅርት። መለስኩት። አወቅሁት። የጣሪያ ማራገቢያ ነው። አንቺ የወፍራም ሹራብ አንገትጌ አገጭሽን እየነካ ብርዱ ጠንቷል እያልሽ፣ ከራስሽ በላይ ማራገቢያ ይዞርልሻል? ያውም አንድ ክንፉ ተጣሞ በዞረ ቁጥር ጣሪያ የሚፍቅ ማራገቢያ? እንዲህ ያለ ማራገቢያ በዓለም ላይ ስንት እንዳለ አላውቅም። እኔ የማውቀው አንዱን ነው፤ እሱም ጓሯችን ውስጥ፣ ከጋራዡ በላይ፣ የሥራ ክፍሌ ውስጥ ነው ያለው።

ባልሽን ሳማ ስከርም ሌባው ከጓሮዬ ነበር።

ከታመምኩ ወዲህ ያን ደረጃ ተከልክያለሁ። ለልብሽ አይሆንም ነው የሚሉኝ፤ ለማን እንደማይሆን ያን ጊዜ ገባኝ። እየተቀመጥኩ፣ እየተነሳሁ ወጣሁት። መቀስ የምንለውን ታውቂዋለሽ። ልጅ ሆነሽ ጠረጴዛዬ ሥር ስትጫወቺ በፊልም ቁራጭ አምባር ይሠራልሽ የነበረው ረዳቴ። ዛሬ ፀጉሩ ሸሽቶ የልጆች አባት ሆኗል፣ እኔ ከተኛሁ ወዲህም ክፍሉን ይዞ ሥራውን የሚያስኬደው እሱ ነው። እጁን የሠራሁት እኔ ነኝ። ሌላው ኤዲተር ሰው ዓይኑን ሲጨፍን ይቆርጣል፤ የኔና የሱ እጅ ግን ሰውየው ገልጦ ጥቂት እስኪያይ ይታገሣል። ቪዲዮሽ ላይ ይህንኑ በየእሑዱ ሳይ ከርሜ እንዴት አላወቅሁትም? የራሱን እጅ ማን ይጠረጥራል።

በሩን ስከፍት ብድግ ሲል ወንበሩ ወደቀ። እንደምን ዋልክ አላልኩትም።

«ማራገቢያውን አጥፋው።»

«እትዬ፣ ሙቀቱ…»

«አጥፋውና ክፍሉን ስማው። ቀጥለህ ከልጄ ድምፅ ሥር ያስገባኸውን ስማው።»

አጠፋው። ማራገቢያው እየፋቀ፣ እየፋቀ ቆመ። ማዳመጫውን ጆሮው ላይ አድርጎ ትንሽ ቆየና ቁጭ አለ፤ ያውም መሬት ላይ፣ ወንበሩ ወድቋልና። «ከዚህ ክፍል ስለማልወጣ ድምፁን ከረሳሁት ቆየሁ» አለኝ። የስልክሽ ድምፅ መሃል መሃሉ ላይ ጭራሽ እየሞተበት ስላስቸገረው ከዚሁ ቀርጾ ሞላው። መጀመሪያ እንደ ባለሙያ ነው የተናደድኩት። ማራገቢያ ሳያጠፋ ዝምታ የሚቀርጽ ሰው እኔ ነኝ ያስተማርኩት? ከዚያ እናትነቴ ደረሰብኝ። ምን ቆርጠህ ጣልክ አልኩት። «ጋሼን ይጠይቋቸው» አለ። ጋሼ ደግሞ ይሄኔ ከደረጃው ሥር እያፏጨ ነበር።

አባትሽ ገብቶ እኔን ሲያይ ፉጨቱ ከአፉ ላይ ቀረ።

«ማን ፈቀደልሽ ደረጃውን?»

«ልጄ ምን ሆነችብኝ?»

«ምንም አልሆነችም።»

«ምንም ላልሆነ ነገር ነው ሁለት ትልልቅ ሰዎች ተቀምጣችሁ ስትቆርጡ የከረማችሁት?»

ወንበሩን አነሳና ቁጭ አለበት። «ሐኪሙ ድንጋጤ አይሆናትም አለኝ፤ አውሮፕላንም አይታሰብም አለኝ» አለ። «እኔ ደግሞ አውቅሻለሁ። ብትሰሚ ትነሻለሽ፤ ከተነሳሽ መንገድ ላይ ትቀሪብኛለሽ። እሷን ‹እናትሽ ሁሉን አይታለች፣ በስልክ ግን አታንሺባት› አልኳት። አንቺን ደግሞ እንደምታዪው ነው። ሁለታችሁንም ዋሸሁ። አንዳችሁንም ላለማጣት ነው።» አለቀሰ። አባትሽ ሲያለቅስ ያየሁት ያን ቀን ነው። አንጀቴን በላው፤ ቢሆንም ጥርጣሬዬ አልለቀቀኝም፣ ምሳ ዘግይቶበት ይሆን ብዬ ፊቱን መረመርኩት።

ያልተቆረጠውን ክፈትልኝ አልኩት መቀስን። አባትሽ ሊከለክል እጁን ዘረጋ፣ ከዚያ ሰበሰበው።

ልጄ። ወገብሽም፣ መስኮቱም፣ የአበባ ማሰሮውም ተመለሱ። ከወንበርሽ ተነስተሽ በጎንሽ ቆምሽ፤ ሹራብሽን በሁለት እጅሽ ወደ ኋላ ሰብሰብ አድርገሽ ሆድሽን አሳየሽኝ። «እማዬ፣ አየሽ?» ብለሽ ሳቅሽ። ከሌላ ቦታ የመጣው ሳቅ የዚህ ሳቅ ነበር። ያን ሳቅ እኔ የብርድ ወሬ ላይ ተለጥፎ ነው ያየሁት። ሁለተኛውን አየሁ። «ሥራ ላይ ነው» የምትለዋ ከድሮ የመጣች ቁራጭ ናት፤ ያን ቀን ያልሽው «ልብሱን ይዞ ወጥቷል፣ እመለሳለሁ አላለም» ነበር። በሱ ላይ የጠረጠርኩት ልክ ሆኖ ተገኘ፣ ግን ምንም ደስ አላለኝም።

ቀጥሎ ያልሽውን ቃል በቃል ልጻፈው፣ መስማቴን እንድታውቂ። «እማዬ፣ ፈርቻለሁ። ስወልድ ብቻዬን ነኝ። ነይልኝ» አልሽ። ከዚያ ካሜራውን ሳታጠፊ ቁጭ ብለሽ ወደኔ አየሽ፤ መልሱን እዚያው የምሰጥሽ ይመስል። በሳምንቱ ደግሞ «መምጣት ካልቻልሽ አልችልም በይኝ፣ ዝም ግን አትበይኝ» አልሽ። ለዚህ የመለስኩልሽን አልረሳውም፤ አባትሽ እዚሁ ሳሎን ነው የቀረጸኝ። ስለ ጎረቤታችን አዲስ አጥር ነገርኩሽ። አጥሩ ከቤቱ በለጠ ብዬ ሳቅሁልሽ። የመጨረሻው ቪዲዮሽ ላይ ምንም አልጠየቅሽኝም። «ደህና ሁኚ እማዬ» ብቻ ነው። እሱን መቁረጥ እንኳ አላስፈለጋቸውም።

ልጄ፣ አልሰማሁሽም። ሰምቼ አይደለም ዝም ያልኩሽ። ደብዳቤውን የጻፍኩት ለዚህ ነው፤ ሌላውን ሁሉ ብትረሺው ግድ የለኝም።

ጥርጣሬ አንዴ ከተነሳ ማቆሚያ የለውም። የኔንስ ብዬ ወደ መቀስ ዞርኩ። የኔንም ቆርጠውታል። ሳሌን አውጥተዋል፤ ትንፋሽ ለመውሰድ የማቆምባቸውን ቦታዎች አውጥተዋል፤ ብርጭቆው ከእጄ የወደቀበትንም አውጥተዋል። ካልከፈትክልኝ ብዬ አየሁት። ምላሷ እንደ ልብስ ስፌት መኪና የሚሮጥ፣ ጉንጯ የቀላ ሴትዮ ናት። ቀለሟን ሳይቀር አሙቀውላታል፤ እኔ ራሴ ቀናሁባት። አንቺ ያየሻት እናት ይቺ ናት። ጤነኛ ሆና፣ ሆድሽን አይታ፣ ነይልኝ ስትያት ስለ አጥር የምታወራ እናት። እኔ ብሆንም የእንዲህ ያለችዋን ሴት ስልክ ዳግመኛ አላነሳም።

እስቲ ንገሪኝ፤ ባልሽ የት ጠፋ፣ አንቺስ ለምን ፊትሽ ጠቆረ ብዬ የጠየቅሁሽ ደርሶሻል? ከስቼ ልብሶቼ ሰፉኝ ያልኩሽ ደርሶሻል? አልደረሰሽም ብዬ እጠረጥራለሁ። ከመጣሁ በኋላ አንድ በአንድ እንተሳሰባለን፤ ምን እንዳልኩሽና ምን እንዳልሽኝ።

አዎ፣ እመጣለሁ። ትኬቱን አስቆርጫለሁ፤ ለሠርጋችሁ የመጣሁበት ፓስፖርቴም ቪዛዬም ገና አላለፈባቸውም። ያስቆረጠልኝ መቀስ ነው። ቶሎ የሚጸጸት ሰው ብዙም ባላምንም ትኬቱን አገላብጬ አይቼዋለሁ፣ ስሜም ቀኑም ልክ ነው። በመጪው ሳምንት እሑድ እዚያ ነኝ። ለአባትሽም ተቆርጦለታል፤ እሱ ገና አያውቅም። ሻንጣ የሚሸከም ያስፈልገኛል፣ ደግሞም ብቻውን ብተወው ቤቱን ሙሉ ሲያፏጭበት ይከርማል። ከሐሙስ ወዲህ አኩርፌዋለሁ። ብርቱካኑን እበላለሁ፣ ፊቱን ግን አላየውም። አንቺም ብትቆጪው ተቆጪው፤ ብቻ ካሰብኩት በላይ አርጅቷል፣ በመጠኑ ይሁን።

ትናንት ሐኪሙ ዘንድ ብቻዬን ገባሁ። አባትሽን ኮሪደር ላይ አስቀመጥኩት፤ በሩ መስታወት ስለሆነ ከንፈራችንን ሊያነብ ሲታገል ነበር። ሐኪሙ ብዙ ተናገረ። በወረቀት ላይ ልቤን ሣለና እዚህ ጋ፣ እዚህ ጋ እያለ በእስክሪብቶ ጠቆመኝ። እኔም እንደ ሥራዬ አዳመጥኩት። ከተናገረው ሁሉ ውስጥ «መሄድ» የምትል ቃል አለች። «ከልጅዎ ጋር መሆን» የምትል አለች። ወደ መጨረሻው ላይ ደግሞ «ደስ ይበልዎት» ብሏል። ስወጣ አባትሽ ምን አለሽ ሲለኝ እነዚህን አጣብቄ ነገርኩት። ዓይኑን አጥብቦ ትኩር ብሎ አየኝ። ስፌቱን ያየው ይመስለኛል፤ በመሃላቸው ምን እንደነበር ግን አልጠየቀኝም። አንቺም አትጠይቂኝ።

የበሩ ድምፅ ተሰማኝ፣ አባትሽ ሳይሆን አይቀርም። ይህ ወረቀት ቀድሞኝ ከደረሰ በሩን ክፈቺልኝ። እኔ ከቀደምኩት ደግሞ ሲመጣ አብረን እናነበዋለን።

አምላክ በሰላም ያገላግልሽ። የሚወለደው በሳቅሽ ይውጣ፣ ዕድሜው ይርዘም፣ ለአንቺም መከታ ይሁንልሽ። እጄ እጅሽን ሳይዝ እንዳይሆን እለምናለሁ። ሳልደርስ ከመጣብሽ ግን አትፍሪ፤ ጮኸሽ ጥሪኝ። በምን በኩል እንደምሰማሽ አላውቅም፣ ግን እሰማሻለሁ።

እናትሽ